ሲስተርን ጠይቁ፦ «አባቴ ከአልጋ አልነሳም አሉ»

ውድ አንባቢዎች፣ ጤና ይስጥልኝ። ሰሞኑን የሚደርሱኝ ደብዳቤዎች ተመሳሳይ እየሆኑ መጥተዋል። ካንሰር ታሞ ኦፕራሲዮን የተደረገ፣ ኬሞ የጀመረ ወይም ጨረር ላይ ያለ ሰው ቤት ውስጥ አለ። ብዙ ጊዜ እናት ወይም አባት ናቸው፤ በዕድሜም ገፋ ብለዋል። ሐኪሙ የድርሻውን ሠርቶ ወደ ቤት ልኳቸዋል። ከዚያ በኋላ ያለው በአስታማሚው ጫንቃ ላይ ነው። ምን እናብላቸው? ይነሱ ወይስ ይተኙ? ሕመሙንስ ምን እናድርገው?

እኔ የነርስነት ዘመኔን ያሳለፍኩት የካንሰር ሕሙማን ጋ ነው። እዚያ ደጋግሜ ያየሁት ነገር አለ። ቤተሰብ ከስስቱ ብዛት በሽተኛውን ከሁሉም ነገር ያወጣዋል። ሥራ አትንካ ይባላል። የሚበላውን ሌላ ሰው ይመርጥለታል። ስለ ሕመሙ ሳይቀር ሌላ ሰው ያወራለታል። ዛሬ የመረጥኳቸው ደብዳቤዎች አብዛኞቹ ይህንን ስለሚነኩ ሳልቸኩል እመልሳለሁ።

ጥያቄ፦ «ሲስተር፣ እንደምን ነሽ? የምንኖረው አራት ኪሎ ነው። አባቴ 71 ዓመታቸው ነው። የትልቁ አንጀት ካንሰር ተገኝቶባቸው ኦፕራሲዮን ተደረጉ፤ አሁን ኬሞ ጀምረዋል። ድሮ በጠዋት ተነስተው ቤተ ክርስቲያን ተሳልመው፣ ጋዜጣ ይዘው የሚመለሱ ሰው ነበሩ። አሁን ከአልጋ አልነሳም አሉ። ምግቡን እዚያው እናቀርባለን፣ እጃቸውንም እዚያው እናስታጥባለን። ‹ደክሞኛል፣ ተዉኝ ልረፍ› ነው መልሳቸው። ኪሏቸው ወርዶ 58 ገብቷል። ጠያቂ ደግሞ ቤቱን ሞልቶታል። ዕረፍት ይሻላቸዋል ብለን ትተናቸዋል። ልክ ነን?» — ልጃቸው፣ ከአራት ኪሎ

መልስ፦ እህቴ፣ እንኳን ከኦፕራሲዮኑ በሰላም ወጡ። ጥያቄሽን በግልጽ ልመልስ፤ መተዋችሁ ልክ አይደለም።

ድካማቸው እውነተኛ ነው። ስንፍናም ቅብጠትም አይደለም። ግን የካንሰርና የኬሞ ድካም ተኝተው የሚወጡት ዓይነት አይደለም። እንዲያውም በተኙ ቁጥር ይብሳል። አሜሪካ ውስጥ ተሠርቶ በ2007 እ.ኤ.አ. የታተመ አንድ ጥናት ጤነኛ አዛውንቶችን 10 ቀን አልጋ ላይ አቆይቶ ነበር። በዚያ 10 ቀን ውስጥ ከእግራቸው ብቻ 1 ኪሎ ገደማ ጡንቻ አጡ። ልብ በዪ፣ እነዚያ ምንም ያልታመሙ ሰዎች ናቸው። አባትሽ ደግሞ ሆዳቸው ተከፍቶ የተሰፋ፣ ኬሞ ላይ ያሉ ሰው ናቸው። በዚህ ዕድሜ የሄደ ጡንቻ ቶሎ አይመለስም። ጡንቻ ሲሄድ መውደቅ ይመጣል፤ ኬሞውን መቋቋምም ይከብዳል።

መጀመሪያ ግን ለሐኪማቸው ንገሩ። ከድካሙ ጀርባ የደም ማነስ ሊኖር ይችላል፤ እሱ በምርመራ ይታያል፣ ይታከማልም። እንቅልፍ ማጣት፣ ያልተነገረ ሕመም፣ ድብርትም ሰውን አልጋ ላይ ያስቀራሉ። እነዚህ ሳይነኩ «ተነሱ» ማለት ብቻ ሰውየውን ማስጨነቅ ነው።

ሐኪሙ ይሁን ካለ ከነገ ጠዋት ጀምሮ ቁርስ አልጋ ላይ መቅረቡ ይቅር። ወደ ጠረጴዛው ይምጡ። አልጋው ጠርዝ ላይ ትንሽ ቁጭ ብለው፣ ራሳቸው ካላዞራቸው ቀስ ብለው ይነሱ። ከዚያ የእጅ መደገፊያ ያለው ጠንካራ ወንበር ግድግዳ አስጠግታችሁ አስቀምጡላቸው። ከወንበሩ ተነስተው መልሰው ይቀመጡ፤ 5 ጊዜ። ጠዋት 5፣ ቀን 5፣ ማታ 5። መጀመሪያ ላይ በእጃቸው ቢደገፉ ግድ የለም። ሲለምዱት እጃቸውን ደረታቸው ላይ አጣምረው ይሞክሩት። ቀላል ይመስላል። ግን ሽንት ቤት ብቻቸውን ገብተው መውጣት የሚችሉት በዚህ ጉልበት ነው።

ከዚያ ኮሪደር፣ ከዚያ ግቢ በር፣ ከዚያ ውጭ። ሰፈራችሁ ለዚህ የተመቸ ነው። ከአራት ኪሎ ወደ ፒያሳ የሚወስደው የእግረኛ መንገድ አሁን ሰፍቷል፤ ዐረፍ የሚሉበት መቀመጫም አለው። እስከ መጀመሪያው መቀመጫ ሄደው ትንፋሽ ሰብስበው ይመለሱ። ሲበረቱ እስከ ሁለተኛው። ኬሞ ከተወሰደ በኋላ ያሉት ጥቂት ቀናት ከባድ ናቸው፤ በእነሱ ቀናት የወንበሩ ብቻ ይበቃል። እየተራመዱ ማውራት ካቃታቸው ፈጥነዋልና ቀስ ይበሉ። ደረታቸውን ከወጋቸው፣ ትንፋሽ ካጠራቸው ወይም ዓይናቸው ከጨለመ ያቁሙ፣ ለሐኪምም ይነገር። ስፌቱ እስኪጠነክር ደግሞ ጄሪካን ማንሳት የለም።

ሥራም ስጧቸው። ይህን የምለው ከልቤ ነው። አንድ ጊዜ ክፍላችን አንድ አዛውንት ልብስ ሰፊ ተኝተው ነበር። ባለቤታቸው በማንኪያ ያጎርሷቸዋል። ቁጭ በሉ ቢባሉ ፊታቸውን ወደ ግድግዳ ያዞራሉ። አንድ ቀን ከሰዓት፣ ጎናቸው የተኛው ልጅ የፒጃማው ቁልፍ ተበጥሶ መሬት ላይ ተንከባለለ። አዩት። «መርፌና ክር የለሽም?» አሉኝ። አመጣሁላቸው። ቀና ብለው እግራቸውን ወደ መሬት አወረዱ። መነጽራቸውን አደረጉ። የክሩን ጫፍ በጣታቸው አሹለው በመርፌዋ ዓይን አሳለፉ። እጃቸው ይንቀጠቀጥ ነበር፤ ቁልፏን ግን ቀጥ አድርገው ተከሏት። የዚያን ቀን ራታቸውን ቁጭ ብለው በራሳቸው እጅ በሉ። በማግስቱ ከየአልጋው የተቀደደ ልብስ ይመጣላቸው ጀመር። መድኃኒታቸው ያው ነበር፤ ቀና ያደረጋቸው ያች ቁልፍ ናት።

አባትሽ ጋዜጣ የሚወዱ ከሆነ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ለቤተሰቡ ያንብቡ። የልጅ ልጅ ካላቸው ያስጠኑ። ምስርም መልቀም ይችላሉ። ግን ምን መሥራት እንደሚፈልጉ እሳቸውን ጠይቂ፤ አንቺ አትወስኚላቸው።

ወደ ምግቡ ልምጣ። ሰሃን ሙሉ እንጀራ አቅርቦ «በሞቴ ይብሉ» ማለት ምግብ ያስጠላል። ትንሽ ትንሽ፣ በቀን 5 ወይም 6 ጊዜ ይሁን። ብዙ ሰው ጠዋት ላይ የምግብ ፍላጎቱ ይሻላል፤ እሳቸውም እንደዚያ ከሆኑ ጠንከር ያለው ምግብ ጠዋት ይቅረብ። ለካንሰር ሕሙማን በቀን ለአንድ ኪሎ ክብደት ከ1 እስከ 1.5 ግራም ፕሮቲን ይመከራል። በአባትሽ ክብደት ሲሰላ ከ58 እስከ 87 ግራም ነው። አንድ እንቁላል 6 ግራም ገደማ አለው፣ አንድ ብርጭቆ ወተት 8 ገደማ። ስለዚህ ሻይና ቀጭን ሾርባ እያጠጣችሁ እዚያ አትደርሱም። አጥሚቱን በውሃ ሳይሆን በወተት አዘጋጁት። ገንፎው ላይ የለውዝ ቅቤ ጣል አድርጉ። ሽሮና ምስርም ጥሩ ናቸው፤ አንጀታቸው ገና ስለሆነ ግን በጥቂቱ ጀምሩ። እንቁላሉም ሥጋውም በደንብ ይብሰል። ቁርጥ፣ ለብለብ ክትፎና ያልፈላ ወተት ኬሞው እስኪያልቅ ይቅሩ፤ ሰውነታቸው ጀርም የሚከላከልበት አቅም ቀንሷል። «ሥጋ ካንሰሩን ያሳድገዋል» የሚላችሁ ጎረቤት ካለ አትስሙት። ሥጋ ሲከለከሉ የሚከሱት አባትሽ ናቸው እንጂ ካንሰሩ አይደለም።

ጾም ሲገባ ከነፍስ አባታቸው ጋር ይነጋገሩ። ቤተ ክርስቲያን ለታመመ ሰው ትፈቅዳለች። ካህኑ ራሳቸው «ይብሉ» ሲሏቸው ደግሞ ልጅ ሲለምን ከሚሰሙት ይልቅ ይቀበሉታል።

አንድ ነገር ልጨምር። ለአንጀት ካንሰር ከሚሰጡት መድኃኒቶች አንዱ ኦክሳሊፕላቲን ይባላል። እሱን የሚወስዱ ከሆነ ቀዝቃዛ ነገር ጣታቸውንና ጉሮሯቸውን ይወጋቸዋል፣ ያደነዝዛቸዋል። ጠያቂ ከፍሪጅ የወጣ አምቦ ውሃ ሲያቀርብላቸው «ጉሮሮዬ ተዘጋ» ብለው ቢደነግጡ ነገሩ እሱ ነው። ለብ ያለ ይጠጡ፣ ለብ ባለ ይታጠቡ፣ ጠዋት ሲወጡ ጓንትና ሻርፕ ያድርጉ። የእግር ጣታቸው ከደነዘዘ ለሐኪሙ ይነገር፤ መደንዘዙም ሰው ይጥላል።

ጠያቂውን አትከልክሉ። ጠያቂ የሌለው በሽተኛ እንዴት እንደሚሆን አይቻለሁ። ግን ሥርዓት ይኑረው። ጉንፋን የያዘው በስልክ ይጠይቅ። የገባው እጁን ይታጠብ፣ መሳሳሙም ለጊዜው ይቅር። አምስት ስድስት ሆኖ አልጋ ከቦ ከመተከዝ አንዱ ክንዳቸውን ይዞ እስከ መቀመጫው ድረስ ያራምዳቸው። «ምን ይዤ ልምጣ?» ለሚልሽ ደግሞ እንቁላል በዪ።

ጥያቄ፦ «ባለቤቴ ኬሞ በወሰደች በ10ኛው ቀን ትናንት ሌሊት አንቀጠቀጣት፣ አተኮሳት። ፓራሲታሞል ሰጠኋት፤ ጠዋት ላይ ለቀቃት። ዳግም ቢመጣ እንዲሁ ላድርግ?» — ከልደታ

መልስ፦ ወንድሜ፣ በፍጹም። ይህ በሌሊት ሐኪም ቤት የሚያስኬድ ነገር ነው። ለዚህም ነው ደብዳቤህ እንደደረሰኝ መጽሔቱን ሳልጠብቅ የደወልኩልህ። ለሌሎችም ይጥቀም ብዬ እዚህ አወጣሁት።

ኬሞ ከተወሰደ በኋላ፣ በተለይ ከ7ኛው እስከ 14ኛው ቀን ባለው ጊዜ፣ ነጭ የደም ሴሎች በጣም ይወርዳሉ። ያኔ የገባ ኢንፌክሽን በሰዓታት ውስጥ ሕይወት ሊቀጥፍ ይችላል። ፓራሲታሞል ትኩሳቱን ያወርዳል፣ ኢንፌክሽኑን ግን አይነካውም። ምልክቱ ተደብቆ በሽታው ይቀጥላል። ቤት ውስጥ ቴርሞሜትር ይኑር፤ ፋርማሲ ሁሉ ይሸጣል። 38 ዲግሪና ከዚያ በላይ ካሳየ፣ ወይም ሳያሳይም ካንቀጠቀጣት፣ እስኪነጋ ሳትጠብቅ ድንገተኛ ክፍል ውሰዳት። እንደደረስክ መጀመሪያ «ኬሞ ላይ ናት፣ አተኩሷታል» በል። ተራህን ጠብቅ ቢሉህም ድገመው። የሕክምና ካርዷና የመድኃኒቶቿ ዝርዝር በአንድ ቦርሳ በር አጠገብ ይቀመጥ። በሌሊት ጠርተኸው የሚመጣ ባለታክሲ ስልክም ቀድመህ ያዝ።

በዕድሜ የገፉ ሰዎች ላይ ትኩሳቱ ላይታይ ይችላል። ድንገት ንግግራቸው ከተዘበራረቀ፣ ሰው መለየት ካቃታቸው ወይም ከእንቅልፍ አልነቃ ካሉ ያው ነው፤ ይዛችኋቸው ሂዱ።

ጥያቄ፦ «ልጄ ሲስተር፣ እኔ 66 ዓመቴ ነው። ጡቴን ኦፕራሲዮን ተደርጌ አሁን በማሽን ጨረር እየወሰድኩ ነው። የልጅ ልጆቼ ከእኔ ጋር ነበር የሚተኙት። ጎረቤቴ ‹ጨረሩ ወደ ልጆቹ ይጋባል› ስትለኝ አራቅኳቸው። ማታ ማታ ያለቅሳሉ፣ እኔም አለቅሳለሁ። በታመምኩበት በኩል ያለው እጄም ከበድ ይለኛል። ልጆቼ እንጀራ እንዳትጋግሪ ብለው ከለከሉኝ።» — ከጎላ ሚካኤል

መልስ፦ እትዬ፣ ዛሬ ካወጣኋቸው ደብዳቤዎች ታማሚዋ ራሷ የጻፈችው የእርስዎ ብቻ ነው። በጣም ደስ ብሎኛል።

ልጆቹን ዛሬውኑ ይመልሷቸው። ከውጭ በማሽን የሚሰጥ ጨረር ማሽኑ ሲጠፋ ያበቃል። ሰውነትዎ ውስጥ አይቀርም፣ ወደ ማንም አይጋባም። ካንሰሩም አይጋባም። ይቀፏቸው፣ ይሳሟቸው። ብቻ ጨረሩ ያረፈበትን ጎን እንዳይደገፉብዎት በሌላኛው በኩል ያስተኟቸው፤ ቆዳው ይቆጣል። የሚዋጥ ወይም ሰውነት ውስጥ የሚቀመጥ ጨረርም አለ፤ እሱ የራሱ መመሪያ አለው። የእርስዎ ግን ያ አይደለም።

ቆዳዎን ለብ ባለ ውሃና ሽታ በሌለው ሳሙና ይታጠቡ፤ አይፈትጉት። ባለሙያዎቹ ያሰመሩትን ምልክት አያጥፉት። ሐኪም ሳያዝ ቅባትም ቅቤም አይቀቡበት። ሰፋ ያለ የጥጥ ልብስ ይልበሱ።

እጅዎን ግን በሚቀጥለው ቀጠሮ ሳይሆን በዚህ ሳምንት ያሳዩ። ከብብት ሥር ዕጢዎች ሲወጡ የሰውነት ፈሳሽ እንደ ድሮው አይወርድም፣ እጅ ያብጣል። በጊዜ ከተያዘ በእንቅስቃሴና በልዩ የእጅ ማሰሪያ ይቆጣጠሩታል። ቤት ውስጥ የሚሠሩት አለ። ግድግዳ ፊት ለፊት ቆመው ጣቶችዎን ግድግዳው ላይ እያራመዱ ወደ ላይ ይውጡ። የቻሉበት ላይ በእርሳስ ምልክት ያድርጉ። የልጅ ልጆችዎ ምልክቷን ቢያደርጉልዎ ደግሞ ደስ ይላቸዋል። መርፌና የደም ግፊት ልኬት በሌላኛው እጅ ይሁን። እጅዎ ድንገት ቀልቶ ከጋለ ግን ሳይውሉ ሳያድሩ ሐኪም ቤት ይሂዱ።

ስለ መጋገሩ፣ ልጆችዎ በግማሹ ልክ ናቸው። የቡሃቃውን ሊጥ እነሱ ያንሱ። በዚያ እጅ ላይ ቃጠሎ ክፉ ነው፣ በቀላሉ ይመረቅዛል። ስለዚህ አክንባሎውን በደህናው እጅዎ ይክፈቱ፣ እጀ ረጅም ልብስ ይልበሱ። ጥቂት እንጀራ ጋግረው መነሳት ግን ማንንም አይጎዳም። ለልጆችዎም ይህን ያስነብቧቸው።

ጥያቄ፦ «እናቴን ለጨረር ከደሴ አምጥቻት ቸርችል ጎዳና አካባቢ ፔንሲዮን ይዘናል። ወረፋው ሳይደርሰን ገንዘባችን ሊያልቅ ነው።» — ልጇ

መልስ፦ አይዞህ። ማቲዎስ ወንዱ የኢትዮጵያ ካንሰር ሶሳይቲን ጠይቅ። ልጁን በደም ካንሰር ያጣ አባት በ1996 ዓ.ም. ያቋቋመው ነው፤ ከክልል መጥተው አቅም ላጡ ሕሙማን ማረፊያ ይሰጣል። የምትታከምበት ሆስፒታል የማኅበራዊ አገልግሎት ባለሙያ ካለውም ዛሬውኑ አናግር። ገንዘቡ ሙልጭ እስኪል አትጠብቅ።

ጥያቄ፦ «እናቴ 64 ዓመቷ ነው፤ የማህፀን በር ካንሰር አለባት። ሐኪሙ ሞርፊን አዘዘላት። እሷ ግን ‹ይሄ ሊሞት የደረሰ ሰው የሚወስደው ነው› ትላለች። ሕመሙ ካላንገበገባት አትወስድም። አክስቴ ደግሞ ሱስ ይሆንባታል ብላ ትደብቀዋለች። ሌሊት ትራሱን ነክሳ ስታቃስት እሰማታለሁ። ጸበል ልሂድ፣ መድኃኒቱ ይቅርብኝም ትላለች።» — ከካዛንቺስ

መልስ፦ የኔ እህት፣ ደብዳቤሽ ሆዴን በላው። ማንም ሰው ትራስ ነክሶ ማደር የለበትም፤ መድኃኒቱ ቤት ውስጥ እያለማ ጭራሽ።

የዓለም ጤና ድርጅት የካንሰር ሕመም በደረጃ እንዴት እንደሚታከም መመሪያ ያወጣው በ1986 እ.ኤ.አ. ነው። ለጠና ሕመም እዚያ ውስጥ ዋናው መድኃኒት ሞርፊን ነው። የሚታዘዘው በሕመሙ ልክ እንጂ በቀረው ዕድሜ ልክ አይደለም። ኬሞም ጨረርም እየወሰዱ፣ እየሠሩም የሚወስዱት ብዙ ሰዎች አስታምሜአለሁ። ሕመሙ በሕክምና ሲቀንስ መጠኑ በሐኪሙ እየተቀነሰ ያቆማሉ። ለካንሰር ሕመም በትእዛዝ የሚወሰድ ሞርፊን ሰውን ሱሰኛ ሲያደርግ እምብዛም አይታይም። በራስ ጊዜ ድንገት ማቆም ግን አይሆንም።

ዋናው ነገር ሰዓት ማክበር ነው። ቶሎ የሚሠራው ዓይነት በየ4 ሰዓቱ ይወሰዳል። ሕመሙ እስኪያንገበግብ ከተጠበቀ የሚያስፈልገው መጠን ይበዛል፣ ሰውም ይሰቃያል። መሃል ላይ ሕመም ቢነሳ የሚጨመር መጠን ሐኪሙ ጽፎ ይስጣችሁ። የእናትሽ ቀስ እያለ የሚሠራው ክኒን ከሆነ አይሰበርም፣ አይፈጭም።

እንቅልፍና ማቅለሽለሽ መጀመሪያ ላይ ይኖራል፤ በጥቂት ቀናት ይቀንሳል። የሆድ ድርቀቱ ግን አብሮ ይኖራል። ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ የሚያለሰልስ መድኃኒት አብሮ እንዲታዘዝላት ጠይቂ። ተልባና ውሃ ይረዳሉ፣ ብቻቸውን ግን አይበቁም። ብዙ ሰው ሞርፊንን የሚጠላው በዚህ ምክንያት ነው። ከእንቅልፏ አልነቃ ካለች ወይም ትንፋሿ በጣም ከዘገየ ወዲያው ሐኪም ቤት ውሰጃት። መድኃኒቱ በቁልፍ ይቀመጥ፣ ለሌላ ሰው አይሰጥ። ቁልፉ ግን አክስትሽ ጋ አይሁን።

እናትሽን ደግሞ እንዲህ ብለሽ ጠይቂያት፦ «ከ10 ጣቶችሽ ስንቱን ያህል ነው የሚያምሽ?» ጠዋትና ማታ ጣቷን ታሳይሽ፣ አንቺ ደብተር ላይ ጻፊ። ያንን ደብተር ያየ ሐኪም መጠኑን በትክክል ያስተካክላል። ሕመሙ ቢለቃት ምን ማድረግ እንደምትፈልግም ጠይቂያት። ቅዳሴ አስቀድሶ መመለስ ትል ይሆናል። እንግዲያው መድኃኒቱን ለእሱ ብላ ትውሰደው።

ጸበሉን ትሂድ። የቀድሞው ፓትርያርክ አቡነ ጳውሎስ በ1999 ዓ.ም. ለኤችአይቪ ሕሙማን ጸበልና መድኃኒት አብረው እንዲወስዱ በይፋ መክረዋል። ይህንን ለነፍስ አባቷ አንሺላቸው፣ ከእሷ ጋር እንዲነጋገሩ። ሰውነቷ ደካማ ስለሆነ ግን በብርድ ጠዋት ብዙ አትቆይ፣ ሰው አብሯት ይሂድ። ቤት መጥቶ የሚያይ ባለሙያ ከፈለጋችሁ አዲስ አበባ ውስጥ ሆስፒስ ኢትዮጵያ የዚህ ዓይነት የቤት ለቤት እንክብካቤ ይሰጣል።

ጥያቄ፦ «እናታችን 74 ዓመቷ ነው። ሐኪሙ የጨጓራ ካንሰር እንዳለባት ነገረን። ለእሷ ‹የጨጓራ ቁስል ነው› ብለናታል። አሜሪካ ያለው ወንድሜ ‹ብትነግሯት በድንጋጤ ትሞታለች፤ ከነገራችኋት ከእኔ ጋር ተቆራርጠናል› ብሏል። ሐኪሙን የምናናግረው እሷን ውጭ አስቀምጠን ነው። ሰሞኑን ዝም ብላለች። ምን ላድርግ?» — ከተክለ ሃይማኖት

መልስ፦ እህቴ፣ ያቺ ዝምታ ብዙ ትናገራለች። እናትሽ የተቀመጠችው እኮ በካንሰር ሕሙማን መካከል ነው። ጎኗ ያለችው ሴት ፀጉሯ ረግፎ ሻሽ አስራለች። ከሴትየዋ ልጅ ጋር ታወራለች። ልጆቿ ከሐኪሙ ክፍል ዓይናቸውን ጠርገው ሲወጡ ታያለች። 74 ዓመት የኖረ ሰው ይህን ማንበብ አያቅተውም።

ብዙ ጊዜ የገጠመኝን ልንገርሽ። ልጅቷ ኮሪደር ላይ እጄን ይዛ «አደራሽን፣ እንዳትነግሪያት» ትለኛለች። ገብቼ ትራስ ሳስተካክል እናትየው ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ «ልጆቼ እንዳይደነግጡብኝ፣ አደራ አትንገሪያቸው» ትለኛለች። ሁለቱም ያውቃሉ። ሁለቱም ብቻቸውን ያለቅሳሉ። ይህ ሁሌም ያሳዝነኛል።

ወንድምሽ ክፉ አይደለም። ሩቅ ስላለ ይፈራል። ክፉ ዜና በድንገት አይነገርም የሚለው ወጋችንም ትልቅ ነገር ነው፤ መርዶ በሥርዓት የሚነገረው ለዚህ ነው። ግን መርዶ ለቀሪ ነው። እናትሽ በሕይወት አለች፤ ገና የምትወስነው ብዙ ነገር አላት። ኬሞ ልውሰድ ወይስ አልውሰድ የሚለው የእሷ ነው። የቤቱ ነገር፣ ያበደረችው ወይም የተበደረችው ገንዘብ፣ የተኳረፈችው እህት ካለች፣ ንስሐው፣ ቁርባኑ። «የጨጓራ ቁስል» የተባለ ሰው ለእነዚህ አይቸኩልም።

ቢሆንም ተሯሩጠሽ ሄደሽ «ካንሰር ነው» አትበያት። መጀመሪያ ጠይቂያት። ሁለታችሁ ብቻ ስትሆኑ፣ ቡናው ከወረደ በኋላ ለምሳሌ፣ «እማዬ፣ ሐኪሙ ስላገኘው ነገር አንቺ ራስሽ መስማት ትፈልጊያለሽ? ወይስ እኛ ብንከታተለው ይሻልሻል?» በያት። ከዚያ ዝም በዪ። መልሱን አንቺ አትሙዪላት።

«እናንተ ጨርሱት፣ እኔን አታድክሙኝ» ካለች መብቷ ነው። አታስገድጃት። አንዳንድ ሰው ዝርዝሩን አይፈልግም። ብቻ በሌላ ቀን ደግመሽ ጠይቂያት፤ ሐሳብ ይለወጣል። «ልስማ» ካለች ከሐኪሙ ጋር ቀጠሮ ያዢ። ኮሪደር ላይ አይሁን። በር የሚዘጋ ክፍል ይሁን፣ እሷም ትቀመጥ፣ አንቺም አጠገቧ ሁኚ። ሐኪሙ በሚገባት አማርኛ፣ ቀስ ብሎ ይንገራት። ስታለቅስ «ምንም አይደለም» አትበያት፤ እጇን ያዢ። ከዚያ ምን ሊደረግላት እንደሚችል ትስማ፤ ሕመሙን ማስታገስ፣ የምትበላውን ማስተካከል፣ የሚቻለው ሕክምና ሁሉ። ዕድሜዋን ብቻ አይቶ «አርጅታለች» ብሎ የሚዘጋ ካለ፣ እየተራመደች፣ ራሷን ችላ፣ ቤቷን እያስተዳደረች እንደሆነ ንገሪው። ሕክምናው የሚመዘነው በአቅሟም ጭምር ነው። በድንጋጤ ትሞታለች ለሚለው፣ በዚህ መንገድ ተነግሮት የሞተ ሰው አላየሁም። ያለቀሱ አይቻለሁ፣ የተቆጡ አይቻለሁ። አብዛኞቹ ግን ከቀናት በኋላ «ገምቼው ነበር» ይላሉ።

ለወንድምሽ ይህን ደብዳቤ አንብቢለት። ከእናንተ ጀርባ እንዳልተሠራ እንዲያውቅ ቀኑን አብራችሁ ቁረጡ። በዚያን ቀን ማታ በቪዲዮ ደውሎ እሷን ብቻ ያናግር፤ አንቺ ስልኩን አቀብለሻት ከክፍሉ ውጪ።